ከደሴት መጣ የተባለው ቢራቢሮ፦ ዕቃውን ወደድኩት፣ አሻሻጡን ግን አልወደድኩትም

የሱቁን ስም አልጽፍም፣ ከአሁኑ ይቅርታ። ባለቤቱ የሰፈሬ ልጅ ነው፣ ጠዋት ጠዋት ሰላም እንባባላለን፣ ክፉ ሰውም አይደለም። ግን ዕቃውን ገዝቼ ስምንት ወር ተጠቅሜበታለሁ (ቢራቢሮ እንዴት ነው የሚጠቀሙበት እንዳትሉኝ፣ ግድግዳ ላይ ሰቅዬዋለሁ ማለቴ ነው) እና ሌላ ሰው ሳያጣራ ብሩን ከማውጣቱ በፊት ያየሁትን ልንገራችሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባህር ዳር ሐይቁ አካባቢ ትንሽ ጁስ ቤት አለችኝ፣ አራት ጠረጴዛ ናት። ግድግዳዋ ሁለት ዓመት ሙሉ ባዶ ነበር። የጢስ ዓባይ ፎቶ ልስቀል እላለሁ፣ እሱ በየቤቱ አለ። የታንኳ ስዕል እላለሁ፣ በየሆቴሉ ደንገል ታንኳ ላይ ቁጭ ያለ ሰውዬ አለ፣ ሁሌ ያው ሰውዬ ነው የሚመስለኝ። እንዲህ እንዲህ እያልኩ አንድ ቀን ማታ ይሄ ልጅ ቴሌግራም ላይ በፍሬም የተቀመጠ፣ የደረቀ እውነተኛ አረንጓዴ ቢራቢሮ ፖስት አደረገ። ዋጋ በኢንቦክስ። (ይሄ ዋጋ በኢንቦክስ የሚሉት ነገር መቼ ነው የሚቀረው? ጻፈው በቃ፣ ምን ሚስጥር አለው?) ኢንቦክስ ገባሁ፣ 6,500 አለኝ። ሳቅሁ። በማግስቱ ሱቁ ሄጄ በዓይኔ ሳየው ግን ሳቄ ቆመ።

እንዴት ልግለጽላችሁ። ጥቁሩ ተራ ጥቁር አይደለም፣ የከፋይ ጨርቅ ነው የሚመስለው፣ እጅህን ሰደድ አድርገህ ዳስሰው ዳስሰው ይልሃል። በጥቁሩ ላይ አረንጓዴው ከላይ እስከ ታች ተስቦበታል፣ የኋላ ክንፉ ደግሞ ከሞላ ጎደል ሙሉ አረንጓዴ ሆኖ ጥቁር ጥቁር ነጥቦች አሉበት። መስከረም ላይ በጠዋት ጠል ያለበት ሣር ፀሐይ ሲያርፍበት አይታችኋል አይደል፣ እንደዛ ነው። ሆዱ የአደይ አበባ ቢጫ ነው፣ ክንፉ ሥር ደረቱ ጎን ላይ ጠጋ ብሎ ላየው ሰው ደግሞ ቀይ አለ። ቤት ወስጄ በመስታወቱ ላይ በሜትር ስለካው ከክንፍ ጫፍ እስከ ክንፍ ጫፍ 14 ሴንቲ ሆነ። ቢራቢሮ ነው እያልኩህ ነው፣ ወፍ አላልኩም። የሳይንስ ስሙ ራሱ (በኋላ ነው ያወቅኩት) እንደዛ ነው፣ ከግሪክኛው ሲተረጎም የወፍ ክንፍ ማለት ነው።

አሁን ወደ ሱቁ ልመለስ። ልጁን ከየት አመጣኸው አልኩት። ‹‹ከደሴት ነው›› አለኝ። ከየትኛው ደሴት? ‹‹ከደሴት ነዋ!›› ብሎ በአገጩ ወደ ሐይቁ ጠቆም አደረገ። አጠገቤ ከአዲስ አበባ የመጡ ባልና ሚስት ነበሩ፣ እነሱም ዞር ብለው ጣናን አዩት፣ ሴትዮዋ ‹‹አየህ፣ እኛ ገዳሙን ብቻ አይተን ተመለስን›› አለች ለባሏ። ልጁ ዝም አለ። አላስተካከለም። እኔም ያን ጊዜ በቃ ደቅ ላይ ወይ ክብራን ጫካ ውስጥ ያለ ነገር ይሆናል ብዬ ነው በቴሌብር ከፍዬ የወጣሁት፣ 6,000 አደረገልኝ።

ሰቀልኩት። ሰው ወደደው፣ እውነት ለመናገር ከጠበቅኩት በላይ ወደደው፣ ፔዳና ፖሊ ያሉ ተማሪዎች ሳይቀሩ እየመጡ ሰልፊ ይነሳሉ፣ አንዳንዱ ስፕሪስ ያዛል አንዳንዱ ተነስቶ ይሄዳል። ታሪኩ የተበላሸው በሦስተኛው ሳምንት ነው። ጀልባ ሲነዱ የኖሩ አንድ አባት አሉ፣ ሁሌ ማንጎ ያለ ስኳር ነው የሚጠጡት፣ ቁጭ ብለው ብዙ አዩትና ‹‹ይሄን ማን ሰጠህ?›› አሉኝ። ገዝቼው ነው ጋሼ፣ ከደቅ ነው አልኳቸው። ‹‹ከደቅ?›› አሉ። ብርጭቋቸውን አስቀመጡ። ‹‹ስማ ልጄ፣ እኔ ደቅ ስመላለስ አንተ አልተወለድክም። ዳጋ እስጢፋኖስን፣ እንጦስን፣ ዘጌን፣ እስከ ጎርጎራ ድረስ አውቀዋለሁ። እንዲህ ያለ ፍጥረት ባህሩ ላይ ቢበር ኖሮ እኛ ዓሣ እናጠምድ ነበር እንዴ?›› ቤቱ በሳቅ ፈረሰ።

የዛን ዕለት ማታ ዘግቼ ፍሬሙን አወረድኩትና ገለበጥኩት። ጀርባው ላይ ስኮች ተለጥፎበታል፣ ስኮቹን ላጥ ሳደርገው ሥሩ ትንሽ ወረቀት አለች፣ በፈረንጅ ፊደል ኦርኒቶፕቴራ ፕሪያመስ ይላል። ማለት መልሱ እዛው ዕቃው ላይ ነበር፣ ልጁ ስኮች ለጥፎበታል። በስህተት ይሁን አውቆ እግዜር ይወቅ።

ከዛ በኋላ ያው ስልኬን ይዤ ሌሊት ተቀመጥኩ፣ እንቅልፍ የለ ምን የለ። ይሄ ቢራቢሮ ደሴትስ ከደሴት ነው፣ ውሸት አልተናገረም፣ ግን ደሴቱ ኢንዶኔዥያ ምሥራቅ ያሉት የማሉኩ ደሴቶች፣ ኒው ጊኒ፣ የሰለሞን ደሴቶችና ሰሜን ምሥራቅ አውስትራሊያ ነው። ከእኛ ባህር ጋር ምንም አያገናኘውም። ስሙን ያወጣለት ሊኔየስ የሚባለው የስዊድን ሰው ነው፣ በፈረንጆቹ 1758 (ከዚህ በኋላ የምጠራቸው ዓመቶችም በፈረንጆቹ ናቸው)። በጥንት የግሪኮች ተረት ውስጥ ያለውን የትሮይ ከተማ ንጉሥ የፕሪያምን ስም ነው የሰጠው፣ ያ ደረቱ ጎን ያለውን ቀይ አይቶ ነው፣ ደረታቸው ላይ ቀይ ያለባቸውን ቢራቢሮዎች የትሮይ ጀግኖች ብሎ መደባቸው፣ ቁስለኛ እንደማለት። እኔ ይሄን ካነበብኩ በኋላ ያቺን ቀይ ባየኋት ቁጥር ደም ነው የሚመስለኝ፣ አንድ ደንበኛዬ ‹‹ስትራውቤሪ ነች›› ይላል፣ ጁስ ቤት ስለሆነ መሰለኝ።

አረንጓዴው ደግሞ ቀለም ብቻ አይደለም። የቢራቢሮ ክንፍ በጥቃቅን ቅርፊት የተሸፈነ ነው፣ የቀረሶ ዓሣ ቅርፊት አንዱ ባንዱ ላይ ተደራርቦ እንደሚተኛው ማለት ነው፣ ብቻ የዚህኛው ከማነሱ የተነሳ እጅ ላይ ሲቀር ዱቄት ነው የሚመስለው። በዚህ ቢራቢሮ ላይ ቅርፊቱ ውስጥ ቢጫ ቀለም አለ፣ ቅርፊቱ ራሱ ደግሞ በጣም ስስ በሆኑ ንብርብሮች የተሠራ ስለሆነ ብርሃኑን መርጦ ይመልሳል፣ ሁለቱ ተባብረው ነው ያን አረንጓዴ የሚሰጡት። ለዛ ነው ከፊት ለፊት ስታየው ቦግ የሚለው፣ ጥግ ካለው ጠረጴዛ ሲያዩት ግን ደብዘዝ የሚለው። እንግዲህ የምትገዙ ከሆነ ሰው ፊት ለፊት የሚቆምበት ቦታ ስቀሉት፣ እኔ መጀመሪያ በሩ ጎን ሰቅዬው አንድ ወር አቃጥያለሁ። ፀሐይ በቀጥታ የሚመታው ቦታም አይሆንም፣ ቀለሙ ይሄዳል፣ የባህር ዳርን የሚያዝያ ፀሐይ ታውቁታላችሁ።

አንድ ነገር ግን አስገረመኝ። የእናቴ ቤተሰብ ዘጌ ናቸው፣ ቡናና ጌሾ ሎሚም አላቸው። ልጅ ሆነን ሎሚው ቅጠል ላይ የወፍ ኩስ የሚመስል አባጨጓሬ ነበር፣ ቁርጥ የወፍ ኩስ፣ ሲያድግ አረንጓዴ ይሆናል፣ በእንጨት ነካ ስታደርገው ከጭንቅላቱ ኋላ ብርቱካንማ ሹካ ያወጣና አንድ የሚሰነፍጥ ሽታ ይለቅብሃል። አያቴ ሎሚዬን ጨረሰው እያሉ ይረግሙታል፣ እኛ ደግሞ ሹካውን እንዲያወጣ ስንነካካው እንውላለን። ለካ እሱ ሲያድግ ያ ጥቁርና ቢጫ የሆነው፣ ሎሚና ብርቱካን ያለበት ግቢ ሁሉ የሚዞረው ቢራቢሮ ነው፣ እና ለካ ይሄ ግድግዳዬ ላይ ያለው ንጉሥ የሱ ዘመድ ነው፣ አንድ ቤተሰብ ናቸው፣ የዚህኛውም አባጨጓሬ ያን ሹካ ያወጣል። ልዩነቱ ምግቡ ላይ ነው፣ የሱ አባጨጓሬ ሎሚ አይበላም፣ አሪስቶሎኪያ የሚባል መርዛማ ሐረግ ነው የሚበላው፣ መርዙን ሰውነቱ ውስጥ ያስቀምጠዋል፣ ወፍ አንዴ ከቀመሰው ሁለተኛ አይደግመውም። ያ ሁሉ ቀለም ታዲያ ለጌጥ ብቻ እንዳይመስላችሁ፣ አትንኩኝ ማለትም ነው። ለጀልባው አባታችን ይሄን ስነግራቸው ‹‹እንግዲያው ከሩቅ ዘመድ ነው በላ›› አሉና ዝም አሉ።

ሴቷን ብታዩ ደግሞ አታምኑም። ከወንዱ ትበልጣለች ግን ቡናማ ናት፣ ነጣ ያለ ምልክት ብቻ ነው ያላት፣ ሱቅ ውስጥ ሴት ብዙም የማታዩት ለዚህ ይመስለኛል። የእኔ አስተናጋጅ ‹‹ወንዱ ነው እንዴ የሚኳኳለው?›› ብላ ለአንድ ሳምንት መሳቂያ አደረገችኝ።

ወደ ዕቃው ጥራት ልግባ፣ ብር የወጣው ለሱ ነዋ። ክንፉ ላይ አንድ ጭረት የለውም፣ ጫፉ አልተበላም፣ ይሄ ጥሩ ምልክት ነው። ጫካ ውስጥ ሲበር የኖረ ቢራቢሮ እንዲህ ንጹህ አይሆንም፣ ቅርንጫፍ ይቧጭረዋል፣ ወፍ ትነጨዋለች። ንጹህ የሚሆነው ከሽፍኑ (አባጨጓሬው ወደ ቢራቢሮ ሲለወጥ ከሚቆይበት ልባስ) እንደወጣ ሳይበር የተያዘው ነው፣ እሱ ደግሞ ብዙ ጊዜ ሰው የሚያረባው ነው። ፓፑዋ ኒው ጊኒ ውስጥ ገበሬዎች ያን መርዛማ ሐረግ ጓሯቸው ይተክላሉ፣ ቢራቢሮዋ ከጫካ ራሷ መጥታ እንቁላሏን ትጥልበታለች፣ ሰዎቹ ይጠብቁና የተወሰነውን ይሸጣሉ የተወሰነው ይበራል፣ ቡሎሎ በሚባል ከተማ ከ1978 ጀምሮ ከገበሬው ተቀብሎ ወደ ውጭ የሚልክ ድርጅት አላቸው። ይሄን ሳነብ ንብ ማነብ ነው ያስታወሰኝ፣ ቀፎውን ሰቅለህ ንቡ ራሱ እንዲገባ መጠበቅ። እና የእኔም እንደዛ ሰው ያረባው ይመስለኛል፣ እርግጠኛ የሚያደርገኝ ወረቀት ግን የለም፣ ወደ እሱ እመጣለሁ።

መጥፎው፦ አንዱ አንቴናው ተሰብሮ በማስቲሽ ተለጥፏል፣ ጠጋ ብለህ ካላየህ አይታይም ግን አለ፣ ሲሸጥልኝ አልነገረኝም። የፍሬሙ እንጨት ጥሩ ነው፣ መስታወቱም ንጹህ ነው፣ ጀርባው ግን ካርቶን ነው፣ ካርቶን በስኮች! ለዚህ ዋጋ ቢያንስ ኮምፔንሳቶ አድርገው በደንብ ማሸግ ነበረባቸው። ባህር ዳር ነን እኮ፣ ሐምሌና ነሐሴ ግድግዳው ያልባል፣ ጫማ ይሻግታል።

እና የፈራሁት ደረሰ። ጳጉሜ ላይ ፍሬሙ ውስጥ ከሆዱ ሥር፣ ነጩ ወረቀት ላይ፣ ቡናማ ዱቄት አየሁ። በርበሬ የተበተነ ነው የሚመስለው፣ ትንሽ፣ የጣት ጥፍር የማትሞላ። መጀመሪያ አቧራ ነው ብዬ ተውኩት። በሳምንቱ ጨመረ። ብል ነው! እኛ ብል የምንለው፣ የአንዲት ሚጢጢ ጥንዚዛ ልጅ፣ ፀጉር ያላት ትል ነገር፣ ሱፍ ትበላለች ቆዳ ትበላለች የደረቀ ነፍሳት ደግሞ በጣም ነው የምትወደው፣ ዱቄቱ የቢራቢሮዬ ሆድ ነው ማለት ነው። ልጁ ጋ ሮጥኩ። ‹‹ፍሊት ንፋበት›› አለኝ። እንዴ! ፈሳሽ ነው፣ ክንፉ ላይ ሲያርፍ ምን ሊሆን ነው? እንዳትሰሙት።

የሠራልኝን ልንገራችሁ፣ ሙዚየሞችም የሚያደርጉት ይሄንኑ ነው። ፍሬሙን ሙሉውን በሁለት ትልቅ ፌስታል ጠቅልዬ አየር እንዳይገባ አሰርኩና ጁስ ቤቱ ዲፍሪዘር ውስጥ ከማንጎው አጠገብ ሁለት ሳምንት አስተኛሁት። ዋናው ነገር ስታወጡት ፌስታሉን ቶሎ አትፍቱ፣ ሙሉ ቀን ውጭ ይቆይ፣ አለበለዚያ ጤዛው ክንፉ ላይ ነው የሚያርፈው። መሃል ላይ መብራት ሁለት ቀን ጠፍቶ እንደ አዲስ ቆጠርኩ፣ ያ የእኔ ዕጣ ነው። ከዛ ካርቶኑን አውጥቼ እንጨት ቤት በ350 ብር ኮምፔንሳቶ አስቆርጬ ዙሪያውን በሲሊኮን አሸግኩት። እስከ ዛሬ ዱቄት የለም። አስተናጋጇ ግን እስካሁን ለደንበኛ ‹‹ማንጎው ከቢራቢሮው ጋር ነው የተኛው›› እያለች ታስቃለች፣ ንግዴን ልትዘጋው ነው።

አሁን ዋናው ቅሬታዬ። ብሉን ላሳየው የሄድኩ ቀን ወረቀቱን ስጠኝ አልኩት። ይሄ ዓይነት ቢራቢሮ ሳይተስ በሚባለው፣ የዱር እንስሳትና ዕፅዋት ንግድ በሚቆጣጠረው ዓለም አቀፍ ስምምነት ሁለተኛ ዝርዝር ላይ ያለ ነው፣ መሸጥ አልተከለከለም ግን ከሀገር ሀገር ለንግድ ሲሻገር ከሚወጣበት ሀገር ፈቃድ ያስፈልገዋል፣ ኢትዮጵያም ከ1989 ጀምሮ አባል ናት (በፈረንጆቹ)። ልጁ ሳቀ። ‹‹የምን ወረቀት? ቢራቢሮ ነው እኮ፣ በሬ አይደለም!›› አለኝ። አንድ ዘመዱ ኢንዶኔዥያ፣ ባሊ ለሥራ ሄዶ በሻንጣ ነው ያመጣቸው፣ አምስት ናቸው፣ አለቀ። እሺ ያ ይሁን፣ አላወቀም ልበል። የሚከተለው ግን አናደደኝ። ‹‹ትልቁን ከፈለግክ አዝዤ አመጣልሃለሁ፣ የዓለም አንደኛውን›› አለ። ስልኩ ላይ ፎቶ አሳየኝ።

የዓለም አንደኛው የንግሥት አሌክሳንድራ የሚባለው ነው። ሴቷ ክንፏ ተዘርግቶ 25 ሴንቲና ከዚያም በላይ ይሆናል፣ የትምህርት ቤት ደብተር ከፍታችሁ አስቡት። መጀመሪያ የተገኘችው በ1906 ነው፣ ሚክ የሚባለው ሰብሳቢ ከፍታ ላይ ስለምትበር በመረብ አልደርስባት ብሎ በጠመንጃ ነው የጣላት፣ ቀልድ አይደለም፣ በዓመቱ ሮትሽልድ የሚባለው እንግሊዛዊ ተመራማሪ በእንግሊዙ ንጉሥ ሚስት ስም ሰየማት። የምትኖረው በዓለም ላይ አንድ ቦታ ብቻ ነው፣ ፓፑዋ ኒው ጊኒ ኦሮ የሚባለው ክፍለ ሀገር። በ1951 እዛው ያለው ላሚንግተን ተራራ ፈንድቶ ጫካዋን በላው፣ የተረፈውን ደግሞ የፓልም ዘይት እርሻ እየበላው ነው። ይቺ ሁለተኛው ዝርዝር ላይ አይደለችም፣ አንደኛው ላይ ናት፣ ከሀገር ሀገር መነገድ የለም፣ ክልክል ነው። ስለዚህ ማንም ሰው፣ ቴሌግራም ላይም ይሁን ሱቅ፣ አሌክሳንድራን አመጣልሃለሁ ካለህ ወይ ሊያጭበረብርህ ነው ወይ ወንጀል ውስጥ ሊከትህ ነው። ይሄን ረጋ ብዬ ነገርኩት፣ ‹‹አንተ ደግሞ አካበድከው›› አለኝ። ፎቶውን ግን በማግስቱ ከቻናሉ አውርዶታል፣ ያየሁትን ስመሰክር።

ሰው ለምን በዚህ ያብዳል ለምትሉ፣ አላውቅም፣ ግን እኔ ብቻ አይደለሁም። ዋላስ የሚባለው እንግሊዛዊ ተመራማሪ በ1859 ባቻን ደሴት ላይ የዚሁ ዘር የሆነውን ወርቃማውን ሲይዝ ልቡ ሊወጣ ደርሶ፣ ራሱን ሊስት ምንም አልቀረውም፣ ቀኑን ሙሉ ራስ ምታት ይዞት ዋለ። እኔ ራሴን የያዘኝ ዋጋውን ስሰማ ነው።

እና ልግዛ ወይስ አልግዛ ላላችሁኝ (ሦስት ሰው ጠይቆኛል)። ዕቃውን ብቻ ካያችሁ እኔ አልተቆጨሁም፣ አሁንም ጠዋት በር ስከፍት መጀመሪያ የማየው እሱን ነው። ግን ከዚህ ሱቅ ዛሬ አልገዛም፣ ሌላ ቦታ ብገዛም ጀርባውን ገልብጬ ስሙን አነባለሁ፣ ስሙ ከሌለ ወይ ከተሸፈነ እተወዋለሁ፣ ከየት ሀገር እንደወጣና በምን ፈቃድ እንደወጣ እጠይቃለሁ፣ አንቴናውን በስልክ ካሜራ ዙም አድርጌ አያለሁ፣ ከሆዱ ሥር ዱቄት ካለ በነጻም አልወስድም። ልጁ ዕቃውን ‹‹ከኒው ጊኒ ነው፣ ሰው ያረባው ነው፣ ይኸው ወረቀቱ›› ብሎ ቢሸጠው እኮ 6,500ውንም እከፍለው ነበር፣ ታሪኩ ራሱ ይሸጠዋል። ለአንቴናው 500 ብር መልስልኝ ብዬው በመጨረሻ 300 በቴሌብር ልኮልኛል፣ ይሄንን መካድ አልፈልግም።

በነገራችን ላይ እነዛ አዲስ አበባዎቹ ባልና ሚስትም አንድ ገዝተው ሄደዋል፣ የጣና ቢራቢሮ ብለው። ይሄን ካነበባችሁ ጀርባው ላይ ያለውን ስኮች ላጡት፣ ዱቄት ካያችሁም በፌስታል ጠቅልላችሁ ወደ ፍሪዘር። የእኔው ከካሸሩ ኋላ ተሰቅሏል፣ ማየት የፈለገ ይምጣ፣ ሰልፊ በነጻ ነው፣ ስፕሪሱን ግን ትከፍላላችሁ።